ባላየነው ሰውዬ ላይ ለምን ፈረድን? («ማድሬ»ን ላያችሁ)

ሰላም የፊልም ወዳጆች። ዛሬ የማነሳው «ማድሬ» የተባለውን የስፔን አጭር ፊልም ነው። ያያችሁት ሐሳብ ስጡ። ያላያችሁት አይታችሁት ብትመለሱ ይሻላል፤ ታሪኩን እስከ መጨረሻው ነው የማወራው።

ፊልሙ 19 ደቂቃ ነው። የሠራው ሮድሪጎ ሶሮጎየን የሚባል የማድሪድ ተወላጅ ነው። የወጣው በ2017 ነው (ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጆቹ ነው የምጽፈው)። በ2018 በአጭር ልብወለድ ፊልም ዘርፍ የስፔኑን የጎያ ሽልማት ወሰደ። በ2019 ለኦስካር ታጨ። ዋና ተዋናይዋ ማርታ ኒየቶ ናት፤ ፊልሙን ከዳር እስከ ዳር የተሸከመችው እሷ ናት።

ታሪኩ ይኸውላችሁ። አንዲት ሴት ከእናቷ ጋር ቤት ውስጥ ናት። እንደ ማንኛውም እናትና ልጅ ይጨዋወታሉ። ስልክ ይጠራል። የ6 ዓመት ልጇ ኢቫን ነው። ከአባቱ ጋር ለእረፍት ሄዷል፤ አባትና እናት ተለያይተዋል። ልጁ የባሕር ዳርቻ ላይ ብቻውን ነው። አባቱ የት እንደሄደ አያውቅም። እሱ ራሱ የት እንዳለም አያውቅም፤ ፈረንሳይ ይሁን ስፔን እንኳ አይለይም። የስልኩ ባትሪ እያለቀ ነው። ከዚያ አንድ ሰውዬ ብቅ ይላል፤ ወደ ልጁ ይጠጋል። ስልኩ ይቋረጣል። እናትየው ከቤት ወጥታ ትሮጣለች። በቃ፣ ያለቀው እዚህ ላይ ነው።

ፊልሙን ለብዙ ሰው አሳይቻለሁ። ሁሉም ሰውዬውን ክፉ ነው ብሎ ነው የሚነሣው። አባትየውንም ይረግሙታል። እኔ ግን አንድ ነገር እጠይቃለሁ። ሰውዬውን አንድም ጊዜ አላየነውም። ምን ፈልጎ እንደመጣ አናውቅም። ምናልባት ብቻውን የቆመ ሕፃን አይቶ ሊረዳው የመጣ ደግ ሰው ይሆናል። አባትየው ለምን እንደጠፋም አናውቅም። ታዲያ ይህን ሁሉ ፍርድ ከየት አመጣነው?

የእኔ መልስ ከካሜራው ነው የሚል ነው። ቤት ውስጥ የሚሆነው ነገር በሙሉ አንዴም ሳይቆረጥ ነው የተቀረጸው። ሌላ ሰው ቢሠራው ወደ ባሕሩ ዳርቻ ወስዶ ልጁን ያሳየን ነበር። የሰውዬውን ፊት ያሳየን ነበር። እኛም አይተን የራሳችንን ሚዛን እንይዝ ነበር። ሶሮጎየን ይህን ከለከለን። እናትየው ወዲህ ስትል ካሜራው ወዲህ ይላል፤ ወዲያ ስትል ወዲያ ይላል። የሰማችውን ያህል እንሰማለን፣ ያላወቀችውን አናውቅም። ትንፋሽ መሰብሰቢያ የለም። ሰው ረጋ ብሎ ካላሰበ በትክክል መፍረድ አይችልም፤ ካሜራው ደግሞ ረጋ የማለት ፋታ አይሰጥም። ስለዚህ በእሷ ፍርሃት እንፈርዳለን። ይህ ለእኔ ትልቅ ሐቀኝነት ነው። እናንተስ ምን ትላላችሁ?

እስካሁን የመጡት መልሶች ብዙ ናቸው። ዘግይቶ ለሚገባ ሰው እንዲመቸው ከዚህ በታች በተራ፣ በራሴ አነጋገር አስቀምጫቸዋለሁ።

ቁጥር 1 በትሕትና ነው የጀመረው። ስለ ርዕሱ አመስግኖ፣ ፊልሙን በ2019 በኦስካር ሰሞን ማየቱን ጻፈ። ዋናው ነገር ግን ካሜራው ሳይሆን የማርታ ኒየቶ ፊት ነው ይላል። መጀመሪያ ስልኩን ስታነሣ ልጇን እንደናፈቀች እናት ፈገግ ብላ ነው። ያ ፈገግታ በአንዴ አይጠፋም። ልጁ እንዳይደነግጥ ብላ ድምፅዋን ለማለስለስ ትታገላለች፤ ፊቷ ግን ሌላ ነገር ይናገራል። ቁጥር 1 ይህን የድምፅና የፊት መለያየት ደጋግሞ አይቶታል። በዚህ ላይ ከእሱ ጋር ነኝ። ሆኖም ያ ፊት ቢቆራረጥና በየመሃሉ ሌላ ነገር ቢገባበት ኖሮ ለውጡን ደረጃ በደረጃ አናየውም ነበር።

ቁጥር 2 ጀርመን አገር የሚኖር ሰው ነው፤ ነገሩን ከተግባር አንጻር አየው። አውሮፓ ውስጥ 112 የሚባል የድንገተኛ አደጋ ቁጥር አለ። ስፔንም ይሁን ፈረንሳይ ያው ነው። እናትየው ልጁን ዝጋና 112 ደውል ብትለው ኖሮ ጉዳዩ እዚያው ያልቅ ነበር ብሎ ይሞግታል። ይህን ባለማድረጓም ጥፋቱን ወደ እሷ ያዞረዋል።

ቁጥር 3 እናት ናት፤ በቁጥር 2 ተናደደች። የ6 ዓመት ልጅ ብቻውን ቆሞ እያለቀሰ፣ ባትሪው ሊያልቅ ቋፍ ላይ ደርሶ፣ የትኛዋ እናት ናት ስልኩን ዝጋ የምትለው ብላ ጠየቀች። አንዴ ከተዘጋ ዳግም ላይከፈት ይችላል። በእጅዋ የቀረው የልጇ ድምፅ ብቻ ነው። እሱን በገዛ እጇ እንድትለቅ መጠየቅ ለእሷ ጭካኔ ነው። ሶፋ ላይ ተቀምጦ መምከር ቀላል ነው የሚል አንድ ጠንከር ያለ ዓረፍተ ነገርም ጨመረችበት። ቁጥር 2 በኋላ ተመልሶ ይቅርታ ጠየቀ፤ 112ን ልጆች ሁሉ እንዲያውቁት አስተምሩ የሚለውን ምክር ግን አልተወም። ምክሩ ጥሩ ነው፤ እኔም እደግፈዋለሁ።

ቁጥር 4 አዲስ አበባ ውስጥ በቪዲዮ ሥራ የሚተዳደር ልጅ ነው። ብዙዎቻችን የማናውቀውን ነገር ስለጻፈ ረዘም አድርጌ ላስቀምጠው። ሳይቆረጥ መቅረጽ ለተዋናይም ለካሜራ ባለሙያም ፈተና ነው። ሰው ከመስኮት ብርሃን ወደ ኮሪደር ጨለማ ሲገባ የብርሃን ልኬቱ ይቀየራል፤ ምስሉ ወይ ይነጣል ወይ ይጨልማል። ፎከሱን የሚይዘው ሰው ተዋናይዋ በምትራመድበት ቅጽበት ርቀቱን እያስተካከለ መከተል አለበት። ድምፅ ቀጂው ማይኩን ይዞ የት ይቁም? መስታወት ካለ ማን ይታያል? አንድ ሰው ቢደናቀፍ፣ አንዲት ቃል ብትሳት፣ ሁሉም ከዜሮ ይጀምራል። ኤዲተር የሚያድነው ነገር የለም። በዚህ ላይ ተዋናይዋ አጠገቧ የሌለን ልጅ እያናገረች ነው። በድሮ ጊዜ ደግሞ የሚቀረጽበት ጥቅል ፊልም ራሱ አይፈቅድም ነበር። ዳይሬክተሩ ሂችኮክ በ1948 «ሮፕ» የተባለውን ፊልም ሲሠራ አንድ ጥቅል ፊልም ወደ 10 ደቂቃ ገደማ ብቻ ስለሚይዝ መቁረጫዎቹን በሰው ጀርባና በመሳሰሉት መደበቅ ነበረበት። ዲጂታል ከመጣ በኋላ በ2002 «የሩሲያ መርከብ» የተባለው ረጅም ፊልም ከዳር እስከ ዳር በአንድ ቀረጻ ተሠራ። ቁጥር 4 መጨረሻ ላይ ያለው ነገር ደስ ብሎኛል፤ ችሎታ ማሳያ ብቻ ሆኖ የሚቀር ረጅም ቀረጻ ብዙ አለ፣ «ማድሬ» ግን ታሪኩ ራሱ የጠየቀው ስለሆነ ካየን ከጥቂት ደቂቃ በኋላ መኖሩን እንረሳዋለን ብሏል።

ቁጥር 5 አንድ እርማት አመጣች። ፊልሙ በሙሉ አንድ ቀረጻ አይደለም። ሲጀምር ሰው የሌለበት የባሕር ዳርቻ ሰፋ ብሎ ይታያል፤ ስልኩ ከመጥራቱ በፊት። ሳይቆረጥ የሚሄደው የቤቱ ክፍል ነው። ይህ ለእሷ ትንሽ ነገር አይደለም። ያንን ዳርቻ ማን ነው የሚያየው ብላ ጠየቀች። እናትየው እዚያ የለችም። ልጁም አይታይም። አሸዋ፣ ውሃና ሰማይ ብቻ ነው። ስለዚህ ኢቫን ማንም የለም ሲላት እኛ ያንን ባዶነት ቀድመን በዓይናችን አይተነዋል፤ እናትየው ግን በሐሳቧ መሥራት አለባት። ካሜራው ከእሷ ጋር ብቻ ነው የሚለውን አባባሌን በዚህ አጠበበችው። ጥሩ ዓይን አላት። በዚህ ውይይት ውስጥ ስለ ምስል ከተጻፈው ሁሉ ለእኔ የሚበልጠው ይሄ ነው።

እስከዚህ ድረስ በሰላም ነበርን።

ቁጥር 6 ገብቶ ውሃ ቸለሰበት። ፊልሙ ማታለያ ነው ባይ ነው። ሕፃንን አደጋ ላይ ከጣልክ ማንም ያለቅሳል፤ ለዚህ ጥበብ አያስፈልግም። አሻሚነት የምትሉትም ዳይሬክተሩ መጨረሻውን ስላልጻፈው ነው አለ። ለማስረጃ የ2019ን የኦስካር አጫጭር ፊልሞች ጠቀሰ። ከ5ቱ 4ቱ በልጆች ላይ የሚደርስ ክፉ ነገርን የያዙ ነበሩ። የካናዳው «ፎቭ» የተተወ የማዕድን ማውጫ ቦታ የሚጫወቱ ሁለት ልጆችን፣ አሸናፊው «ስኪን» ዘረኛ አባት የሚያሳድገውን ልጅ፣ የአየርላንዱ «ዲቴንመንት» ሕፃን ገድለው በፖሊስ የሚመረመሩ የ10 ዓመት ልጆችን፣ «ማድሬ» ደግሞ ኢቫንን። ለሽልማት የሚሆን መንገድ ተገኝቷል ማለት ነው ብሎ ደመደመ።

ቁጥር 7 ወዲያው ተከተለው። ከአራቱ አንዱ የተለየ ነው ይላል። «ዲቴንመንት» በ1993 እንግሊዝ ውስጥ በእውነት በተፈጸመ ግድያ ላይ የተመሠረተ ነው፤ የሟቹ ሕፃን እናት ማንም እንዳላማከራት ተናግራ በይፋ ተቃውማለች። እዚያ የሥነ ምግባር ጥያቄው ስለ ፊልም ሠሪው ነው፤ በሕይወት ያለች እናት ኀዘን ላይ ነው የተሠራው። «ማድሬ» ልብወለድ ነው፤ የማንንም ቁስል አልነካም። ሁለቱን በአንድ ሙቀጫ መውቀጥ አይገባም ሲል ቁጥር 6ን ወቀሰ። ልዩነቱ ትልቅ ነው፤ ቁጥር 7 በትክክለኛው ቦታ ነው ያስቀመጠው።

ቁጥር 8 የእኔ ነው። ለቁጥር 6 መልስ ሰጠሁ። አደጋ ላይ ያለ ሕፃን ማሳየት ማንም ይችላል ላልከው፣ ሶሮጎየን ልጁን አላሳየንም። አንዲት እንባ፣ አንዲት የፈራች ዓይን አላሳየንም። ደም የለም፣ ጩኸት እንኳ ብዙ የለም። ያለው አንድ ተራ ቤት፣ ሁለት ሴቶችና ስልክ ነው። ርካሽ ማስለቀሻ የፈለገ ሰው በእጁ ያለውን ትልቁን መሣሪያ አይጥልም። መጨረሻው አልተጻፈም ላልከው ደግሞ፣ እናትየው መጨረሻውን ሳታውቅ ነው ከቤት የወጣችው። እኛ ከእሷ የበለጠ እንድናውቅ ምን መብት አለን?

ቁጥር 9 ከዱባይ ነው የመጣው፤ ይህን መልስ ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ጸሐፊዋ ሰው ቤት የምትሠራ እናት ናት። ልጇን ለእህቷ ትታ ነው የሄደችው። እናትነቷ በስልክ ነው። ጠዋት የቀሰቀሰችው በስልክ፣ የቤት ሥራ ያሠራችው በስልክ፣ የተቆጣችው በስልክ። አንድ ቀን ልጅቷ ደወለችላት። ዝናብ ይሰማል። አንድ ሰውዬ እጄን ይዞኛል አለቻት። ከዚያ ኔትወርኩ ተቆራረጠ። ሴትየዋ የአሠሪዎቿን ልጅ ምሳ እያበላች ነበር፤ ማንኪያው ከእጇ ወደቀ። ለእህቷ ደወለች፣ አይነሣም። ለጎረቤት ደወለች። ለሰፈሩ ሁሉ ደወለች። ሰውዬውን በሐሳቧ መልክ ሰጥታው፣ ስም ሰጥታው፣ ገድላዋለች። በኋላ ሲጣራ ከትምህርት ቤት የምትመለሰውን ልጅ ጎርፍ ሊያሻግር እጇን የያዘ የሰፈር ሽማግሌ ነው። እኚያን አባት እስካሁን በስልክ ባገኘቻቸው ቁጥር ይህን ሳትነግራቸው ትሳቀቃለች። «ማድሬ»ን ስታይ ሰውዬው ክፉ እንደሆነ አንድም ጊዜ አልተጠራጠረችም፤ የራሷን ታሪክ እያወቀች እንኳ። እናት በስልክ ስትሰማ መልካሙን ማሰብ አይመጣላትም ብላ ጻፈች።

ከዚህ መልስ ሥር የልብ ምልክት የማያስቀምጥ አልተገኘም። ቁጥር 10 ከሪያድ፣ ቁጥር 11 ከቤይሩት የየራሳቸውን ጨመሩ፤ ታሪካቸው የግል ስለሆነ እዚህ አልዘረዝረውም።

ቁጥር 12 ግን ነገሩን ሌላ መንገድ አስያዘው። እናትየው ራሷ ናት ጥፋተኛ፣ እንደዚያ ዓይነት ግድየለሽ አባት መሆኑን እያወቀች ለምን ልጁን ሰጠችው አለ። ቁጥር 13 ጥፋቱ ያለው ልጁን ጥሎ የሄደው ላይ እያለ ሴቷን መክሰስ የለመድነው ነገር ነው ብላ ልክ ልኩን ነገረችው። ቁጥር 14 እና 15 ስለ ፍቺ፣ ስለ ቀለብ፣ ስለ ፍርድ ቤት ሄዱ። ክርክሩ ጦፈ፤ ስድብም ተጨመረበት። አስተዳዳሪው ሁለት መልስ አጥፍቷል። እኔም አልመለስበትም፤ ስለ ፊልሙ አንድም ቃል የለበትም።

ቁጥር 16 ውይይቱን አዳነው። ደቡብ ምዕራብ ፈረንሳይ የተማረ ሰው ነው፤ የዚያን አካባቢ ጠረፍ በእግሩ ያውቀዋል። ከጂሮንድ ወንዝ አፍ እስከ ቢያሪትዝ አካባቢ ከ200 ኪሎ ሜትር በላይ ቀጥ ያለ የአሸዋ ዳርቻ አለ። ከአሸዋው ኋላ የጥድ ደን ነው፤ አብዛኛው በ19ኛው ክፍለ ዘመን የተተከለ። ሰሞኑ የእረፍት ካልሆነ ሰው አይታይበትም። እዚያ የቆመ ሰው ምን ይታይሃል ቢባል አሸዋ፣ ውሃ፣ ዛፍ ብቻ ነው የሚለው፤ አዋቂም ቢሆን። ስለዚህ እናትየው ደጋግማ ምን ይታይሃል ስትለው ኢቫን የሚመልሰው ነገር ማጣቱ የልጅነት ጉዳይ ብቻ አይደለም። ሶሮጎየን በ2019 ይህንኑ አጭር ፊልም መክፈቻ አድርጎ በዚያው ርዕስ ረጅም ፊልም መሥራቱን፣ እሱም የተቀረጸው በዚሁ፣ ላንድ በሚባለው ጠረፍ መሆኑንም ነገረን። ከዚያ እግረ መንገዱን አንድ ነገር ጠቀሰ። እዚያ ውሃው አደገኛ ነው። በአሸዋ ጉብታዎች መካከል የአካባቢው ሰዎች ባኢን የሚሏቸው ኩሬ መሰል ቦታዎች ይፈጠራሉ። ላያቸው ጸጥ ያለ ነው፤ ለዋናተኛ ይጋብዛሉ። ማዕበሉ ሲቀየር ግን ውሃው በአንድ ጠባብ በር ተስቦ ወደ ጥልቁ ይወጣል፣ ሰውንም ይዞ ይሄዳል።

ይህን ሲያነብ ቁጥር 17 አንድ ጥያቄ ጠየቀ፤ እኔ ራሴ እዚያው ቀጥ ብዬ ቀረሁ። አባትየው ሰጥሞ ቢሆንስ?

አስቡት። ልጁ አባቴ የለም ነው ያለው። ጥሎኝ ሄደ ብለን የተረጎምነው እኛና እናትየው ነን። ያ ሰው ለአንድ ደቂቃ ውሃው ጋ ወርዶ ቢሆንስ? ስንረግመው የነበረው ሰው በዚያ ሰዓት ከሞት ጋር እየታገለ ቢሆንስ? ቁጥር 17 እንዲህ ነው ብሎ አልተከራከረም። ፊልሙ ውስጥ ይህን የሚከለክል ነገር አለ ወይ ብሎ ነው የጠየቀው። ቁጥር 5 ተመልሳ መጣችና ባዶውን ዳርቻ አስታወሰችን። ያ መክፈቻ ምስል ባሕሩን ያሳያል፤ አባትየው ግን የለበትም።

ቁጥር 18 ግን ትዕግሥቱ ያለቀ ሰው ነው፤ ይህ ሁሉ ፍልስፍና ውሃ አያነሣም አለ። ረጅሙን ፊልም ያየ ሰው አባትየው በሕይወት እንዳለ ያውቃል፤ ከ10 ዓመት በኋላ መጥቶ ከእናትየው ጋር ይገናኛል። ስለዚህ አልሰጠመም፣ ነገሩ አለቀ። ቁጥር 19 ፊልሙን አበላሸህብኝ ብላ ጮኸች፤ ረጅሙን ገና ልታየው ነበር። ቁጥር 18 ከአምስት ዓመት በላይ የሆነው ፊልም ምሥጢር የለውም ብሎ መለሰላት። ባይላት ይሻል ነበር።

ቁጥር 20 በዚህ ላይ የጻፈው መልካም ነው። አጭሩ ፊልም በ2017 ብቻውን ወጣ፤ የዚያ ዓመት ተመልካች ረጅሙን ሊያውቅ አይችልም። ስለዚህ 19 ደቂቃዋ ውስጥ ያለውን በ19 ደቂቃዋ ነው መመዘን ያለብን። በኋላ የተጻፈ ታሪክ ተመልሶ የፊተኛውን በር አይዘጋም። ረጅሙ ፊልም ራሱ ሌላ ዓይነት ነው ይላል፤ ጥበቃና ፍርሃት ሳይሆን ከ10 ዓመት በኋላ በባሕሩ ዳር የምትኖር ሴት ልጇን የሚያስታውሳትን አንድ ፈረንሳዊ ወጣት ስታገኝ የሚሆነው ነው። ያ ቅርበት ትክክል ነው አይደለም የሚለው ደግሞ የራሱ ጭንቅ አለው። ማርታ ኒየቶ በዚያ ሥራ በ2019 በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል ኦሪዞንቲ በተባለው ዘርፍ ምርጥ ተዋናይት ተብላለች። እኔ ከቁጥር 20 ጋር ነኝ። ቁጥር 18 ያመጣው እውነት ነው፤ የአጭሩን ፊልም ጥያቄ ግን አይመልስም።

ቁጥር 21 የ2018ቱን የዴንማርክ ፊልም «ጥፋተኛው»ን አስታወሰ። እሱም በስልክ ነው የሚያልቀው፤ ካሜራው ከድንገተኛ ጥሪ ማዕከሉ አይወጣም። ስልክ የያዘው ፖሊስ የሰማውን ይዞ ማን በዳይ ማን ተበዳይ እንደሆነ ይወስናል፤ በኋላ ውሳኔው ስህተት ሆኖ ይገኛል። ቁጥር 21 ያኛውን ይመርጣል፤ ምክንያቱም ቢያንስ ተመልካቹ እንደተሳሳተ ይነገረዋል። «ማድሬ» ግን ልክ ሁን ተሳሳት ሳይነግርህ ይለቅሃል። ለእሱ ይህ ጉድለት ነው፤ ለእኔ ጥንካሬው። መልሱ ሲነገረኝ እፎይ ብዬ እተኛለሁ። እዚህ ግን ያንን ሰውዬ ክፉ ያደረግሁት እኔ ነኝ፤ ማንም መጥቶ ልክ ነህ አላለኝም።

ከዚያ ወሬው ወደ ትርጉም ሄደ። ቁጥር 22 ቃና ቴሌቪዥን ከ2016 ጀምሮ የውጭ ድራማዎችን በአማርኛ ድምፅ እንደሚያቀርበው ይህንንም በአማርኛ ድምፅ ማየት እንደሚፈልግ ጻፈ። ለእናቱ ሊያሳያት ፈልጎ ጽሑፉን ማንበብ አቃታት። ቁጥር 23 አይሆንም ባይ ናት። ፊልሙ ግማሹ የአንድ ሕፃን ድምፅ ነው፤ ያንን ቀይሮ አዋቂ ሰው በልጅ ድምፅ ሲያስመስል መስማት ሁሉን ነገር ያጠፋዋል። ቁጥር 24 ደግሞ ጽሑፍ ማንበብም ዋጋ አለው አለ፤ ዓይን ወደ ታች ሲወርድ የእናትየው ፊት ያመልጣል። እሱ ያቀረበው መፍትሔ መጀመሪያ በጽሑፍ፣ ሁለተኛ ያለ ጽሑፍ ማየት ነው። ሞክሬዋለሁ፣ ይሠራል። ቃላቱን አንዴ ካወቃችሁ በኋላ ዓይናችሁ አያቲቱ ላይ ማረፍ ይጀምራል። መጀመሪያ ላይ ልጇን ለማረጋጋት ትሞክራለች፤ ቀስ በቀስ እሷም ምን መያዝ እንዳለባት ግራ ይገባታል።

ቁጥር 25 የሲኒማ ተማሪ ነው። አንድ ቤት፣ ሁለት ተዋናይ፣ አንድ ስልክ፤ እኛስ ለምን አንሠራም ብሎ ጠየቀ። ቁጥር 4 መለሰለት። ወጪው ትንሽ ስለሆነ ቀላል እንዳይመስልህ፤ በአንድ ቀረጻ ለሚሠራ ፊልም ገንዘቡ የሚሄደው ልምምድ ላይ ነው፤ ተዋናይ፣ ካሜራና ድምፅ አብረው ብዙ ቀን መለማመድ አለባቸው፤ እኛ አገር ደግሞ መጀመሪያ የሚቀነሰው የልምምድ ቀን ነው። ይህ ሲበዛ እውነት ነው። ብትሠሩት ግን ከቁጥር 9 የተሻለ ታሪክ አታገኙም፤ እሷ ከፈቀደች።

የመጨረሻው፣ ቁጥር 26፣ በሚቀጥለው ሳምንት ፊልሙን ለጓደኞቹ ሊያሳይ ነው። ረጅም ፊልም እንዳለ አስቀድሜ ልንገራቸው ወይ ብሎ ጠይቆኛል። አትንገራቸው። ካለቀ በኋላም ቶሎ አትክፈትላቸው። መጀመሪያ አባትየውን ይርገሙት፣ ሰውዬውን ይፍረዱበት፣ ይከራከሩ። የባኢኑን ጉዳይ ከዚያ በኋላ አንሣላቸው። ቁጥር 18 ይህን አይቶ ሰው ማሞኘት ነው ብሎኛል። አልተስማማንም፤ እሱ ነገ በሰፊው እጽፋለሁ ብሏል፣ እኔም እጠብቀዋለሁ።